ፍሬን ውስጥ አየር ሲገባ

ከደጀን ወደ አባይ በረሃ የሚወርደውን መንገድ ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። ያልሄዳችሁበትም ወሬውን ሰምታችኋል። መንገዱ እየተጠማዘዘ ከ1,000 ሜትር በላይ ቁልቁል ይወርድና ከድልድዩ ይደርሳል። ከድልድዩ ማዶ ደግሞ ወደ ጎሃ ጽዮን ሽቅብ ይወጣል። ሽቅቡ የሞተር ሥራ ነው፤ ቁልቁለቱ የፍሬን ሥራ ነው። ሞተር ቢደክም መኪናው ይቆማል፣ ሰውም ወርዶ ያግዛል። ፍሬን ቢደክምስ ማን ያግዛል?

ይህን እንድጽፍ ያደረገኝ በአንድ የኅብረት ሥራ ማኅበር ፒካፕ ላይ ጤፍ ተጭኖ ስንሄድ ያየሁት ነገር ነው። ደጀን ልንገባ ስንል ሾፌሩ ፍሬኑን አንዴ ሲረግጠው አይዝም። ሁለት ሦስት ጊዜ ሲደጋግመው ግን ይይዛል። አጠገቡ የተቀመጡት ሽማግሌ ገበሬ እግሩን እግሩን ሲያዩ ቆዩና፣

«አንተ ልጅ፣ መኪና ትነዳለህ ወይስ ጭቃ ታቦካለህ?» አሉት።

ሾፌሩ ሳቀ። «አይስጉ አባባ፣ ይህ ዘመናዊ መኪና ነው። ኤ.ቢ.ኤስ. አለው። የሱ ፍሬን እንዲህ ነው» አላቸው።

ሽማግሌው ደጀን ላይ ወረዱ። «ተጠግኖ ካላየሁ አልሳፈርም» አሉ። ልክ ነበሩ። ሾፌሩ ነው የተሳሳተው። ለምን እንደ ተሳሳተ ለመረዳት መጀመሪያ ፍሬን እንዴት እንደሚሠራ እንይ።

እግር የረገጠውን ጎማ እንዴት ይሰማል?

የከብት ሐኪም የሚወጋበትን መርፌ አይታችኋል። እስቲ ሹሉ የወጣለት ባዶ መርፌ ፈልጉ። ውኃ ሙሉበት። አፉን በአውራ ጣታችሁ ድፈኑና ገፊውን ግፉት። አይሄድም፤ ድንጋይ የገፋችሁ ይመስላችኋል። አሁን ደግሞ ውኃውን አፍስሱና አየር ብቻ ያዘው። አፉን ደፍናችሁ ግፉት። እየተጨመቀ ይገባል። ስትለቁት ወደ ኋላ ይመለሳል። አየር ይጨመቃል፤ ውኃና ዘይት ግን ይህን ያህል አይጨመቁም። የዚህ ጽሑፍ ነገር ሁሉ ከዚህች መርፌ ውስጥ የሚወጣ ነው።

የፒካፕ፣ የሚኒባስና የቤት መኪና ፍሬን የሚሠራው በዘይት ነው። ሾፌሩ ፔዳሉን ሲረግጥ የፍሬን ፓምፑ ዘይቱን ይገፋል። ዘይቱ በቀጫጭን ቱቦዎች እስከ አራቱ ጎማዎች ይሄዳል። እዚያም የፍሬን ሸራውን ገፍቶ ከሚሽከረከረው ብረት ጋር ያጣብቀዋል። ጎማው ይያዛል። በቱቦው ውስጥ ዘይት ብቻ እስካለ ድረስ እግር የገፋው ሁሉ ጎማ ዘንድ ይደርሳል። አየር ከገባበት ግን እግር የሚገፋው ጉልበት አየሩን በመጨመቅ ያልቃል። ፔዳሉ እንደ ስፖንጅ ይለሰልሳል። ሾፌሩ ሲደጋግመው ተጨማሪ ዘይት ስለሚገፋ ፍሬኑ ለጊዜው ይይዛል። ይህ መዳን አይደለም፤ የበሽታው ምልክት ነው።

በነገራችን ላይ፣ ትልልቅ አውቶቡስና ከባድ የጭነት መኪና ሲቆም «ፍስስ» ሲል ትሰማላችሁ። የነዚያ ፍሬን ሌላ ዓይነት ነው። እዚያ ሥራውን የሚሠራው ራሱ የታመቀ አየር ነው። እኔ የማወራው በዘይት ስለሚሠራው ነው።

አየሩ ከየት ይመጣል?

ቱቦ ከብረት ጋር ሲፋተግ ኖሮ ይሰነጠቃል። ጎሚኒ የሚባሉት ላስቲኮች አርጅተው ያፈሳሉ። ዘይቱ እየጎደለ ሄዶ ማጠራቀሚያው ባዶ ሲሆን ፓምፑ በዘይት ፈንታ አየር ይስባል። ቱቦ ለመለወጥ በተፈታ ቁጥርም አየር መግባቱ አይቀርም።

ሌላው ግን ተደብቆ የሚመጣ ነው። የፍሬን ዘይት እርጥበት ይወዳል። ክፍት እንዳደረ ጨው ከአየሩ ላይ ውኃ እየሳበ ይኖራል። ዶት 3 የሚባለው ዘይት አዲስ ሳለ ቢያንስ እስከ 205 ዲግሪ ሙቀት ድረስ አይፈላም። ውኃ ከጠጣ በኋላ ግን በ140 ዲግሪ ገደማም ሊፈላ ይችላል። ረጅም ቁልቁለት ላይ ፍሬኑን ሳይለቁ ሲወርዱ ሸራውና ብረቱ እጅግ ይግላሉ። ሙቀቱ ወደ ዘይቱ ይገባል። ያረጀው ዘይት ይፈላል፣ እንፋሎት ይሆናል። እንፋሎት ደግሞ እንደ አየር የሚጨመቅ ነገር ነው። ፔዳሉ በድንገት ወለሉ ድረስ ይወርዳል። አታላይነቱ ምኑ ላይ መሰላችሁ? ሲቀዘቅዝ እንፋሎቱ ወደ ዘይትነት ይመለስና ፍሬኑ ደኅና ይመስላል። ሾፌሩ «ተሻለው» ብሎ ይነሳል፤ የሚቀጥለው ቁልቁለት ላይ ያው ይደገማል። ለዚህ ነው አዋቂ ሾፌር ገና ከቁልቁለቱ አፍ ላይ ማርሽ ቀንሶ መኪናውን በሞተሩ ይዞ የሚወርደው። ብዙ የመኪና ፋብሪካዎችም ዘይቱ በየ2 ዓመቱ እንዲለወጥ የሚያዙት ለዚሁ ነው።

አየሩ እንዴት ይወጣል?

ሥራው ሁለት ሰው ይፈልጋል። ደጀን ላይ አንዱ እኔ ነበርሁ። መካኒኩ ከመኪናው ሥር ገባ፣ እኔ ከፔዳሉ ላይ ተቀመጥሁ። ሞተሩ ጠፍቷል። ጎማዎቹም በድንጋይ ታግደዋል።

መጀመሪያ የማጠራቀሚያውን ክዳን ዙሪያውን ጠርጎ አፈር እንዳይገባበት አደረገ። አዲስ ዘይት ሞላበት። በየጎማው ጀርባ አንድ ትንሽ የአየር ማስወጫ ቡሎን አለ። በእሱ ላይ ውስጡ የሚታይ ቀጭን የፕላስቲክ ቱቦ ሰካ። የቱቦውን ሌላ ጫፍ ጥቂት ዘይት ባለበት ጠርሙስ ውስጥ ነከረው። ጫፉ ዘይት ውስጥ ካልተነከረ ቱቦው መልሶ አየር ይስባል።

ከዚያ «ርገጥ!» አለኝ። ቀስ እያልሁ ሦስት አራት ጊዜ ረገጥሁ። «ያዝ!» አለኝ። ረግጬ ያዝሁ። ቡሎኑን በቁልፍ ጥቂት ፈታው። ከእግሬ ሥር ፔዳሉ እየሰጠመ ሄደ። ቡሎኑን አጠበቀና «ልቀቅ!» አለኝ። ከሱ በፊት ብለቅ ኖሮ የወጣው አየር ተመልሶ ይገባ ነበር። ፔዳሉ እስከ ወለሉ እንዳይወርድም ከሥሩ የእንጨት ቁራጭ አድርጎበታል። ያረጀ ፓምፕ ወትሮ ከማይደርስበት ድረስ ከተገፋ ላስቲኩ ሊቀደድ ይችላል አለ።

በቱቦው ውስጥ ዘይቱ አረፋ ይዞ ሲወጣ ይታያል። አረፋው እስኪያልቅ ይህንኑ ደጋገምን። መካኒኩ በየመሀሉ እየተነሳ ማጠራቀሚያውን ያያል፤ ጎደል ካለ ይሞላል። እዚህ ላይ የሚሰንፍ ሰው ድካሙ ሁሉ ከንቱ ነው። ማጠራቀሚያው አንዴ ባዶ ከሆነ እንደገና ከመጀመሪያው ነው። የጀመርነው ከፓምፑ በጣም ከሚርቀው ከቀኝ የኋላ ጎማ ነው። የብዙ መኪና ልማድ ይህ ነው፤ ግን ሁሉም አንድ አይደለም። ተራውን የሚወስነው የመኪናው መጽሐፍ ነው።

አራቱንም ስንጨርስ ፔዳሉ ጠነከረ። ሾፌሩ ቁልፉን አንሥቶ «በሉ እንሂድ» አለ። መካኒኩ ግን ከልክሎ አንድ ጥያቄ ጠየቀው። «ማጠራቀሚያው ባዶ ሆኖ ያውቃል?»

ኤ.ቢ.ኤስ. ምንድን ነው?

ጥያቄው ለምን እንደ ተጠየቀ ለመረዳት ጥቂት ወደ ኋላ እንመለስ።

በጭቃ ቁልቁለት ላይ እግሩን አድርቆ ለመቆም የሚሞክር ሰው ይንሸራተታል። ረገጥ ለቀቅ እያደረገ የሚወርድ ሰው ግን ራሱን ይገዛል። መኪናም እንዲሁ ነው። በእርጥብ አስፋልት ላይ ሾፌር ደንግጦ ፍሬን ሲረግጥ ጎማዎቹ ጭርሱን ይቆልፋሉ። የቆለፈ ጎማ ይንሸራተታል። መሪው ቢዞርም መኪናው አይታዘዝም፤ ቀጥ ብሎ ወደሚሄድበት ይሄዳል።

ኤ.ቢ.ኤስ. የሦስት እንግሊዝኛ ቃላት መነሻ ፊደሎች ናቸው። ትርጉሙ ጎማ እንዳይቆልፍ የሚከላከል የፍሬን ሥርዓት ማለት ነው። ቦሽ የተባለው የጀርመን ኩባንያ የሠራው ኤሌክትሮኒክ ኤ.ቢ.ኤስ. በመርሰዲስ መኪና ላይ ለገበያ የቀረበው በፈረንጆች አቆጣጠር በ1978 ነው። በየጎማው አጠገብ የጎማውን ፍጥነት የሚቆጥር መሣሪያ አለ። አንዱ ጎማ ሊቆልፍ ሲል አንድ ሳጥን ያውቅና የዚያን ጎማ ፍሬን ለቀቅ ያዝ፣ ለቀቅ ያዝ ያደርገዋል። ይህን በአንዲት ሴኮንድ ውስጥ ብዙ ጊዜ ይሠራል። ያን ጊዜ ፔዳሉ ከእግር ሥር ይንቀጠቀጣል። ሾፌር ይህን ሲሰማ ደንግጦ መልቀቅ የለበትም። መንቀጥቀጥና መለስለስ ግን ለየቅል ናቸው። ኤ.ቢ.ኤስ. ስላለው ፔዳሉ የሚለሰልስ መኪና የለም። የሾፌራችን ስሕተት እዚህ ላይ ነበር።

አንድ ነገር ልጨምር። ኤ.ቢ.ኤስ. ተአምር አይሠራም። ልል በሆነ የጠጠር መንገድ ላይ እንዲያውም መኪናው ለመቆም የበለጠ ርቀት ሊወስድ ይችላል። መሪውን ግን ያስታዝዛል።

አሁን ወደ ሳጥኑ። በውስጡ ዘይት የሚያልፍባቸው ትንንሽ በሮች አሉ። አንዳንዶቹ በደኅናው ጊዜ ዝግ ናቸው፤ የሚከፈቱት ጎማ ሊቆልፍ ሲል ብቻ ነው። ማጠራቀሚያው ባዶ ሆኖ አየር እስከ ሳጥኑ ከዘለቀ በነዚያ በሮች ኋላ ይቀመጣል። ጎተራ ሥር እንደ ተደበቀ አይጥ ነው። በእግር እየረገጡ ቡሎን ቢፈቱ አይወጣም፤ በሩ ዝግ ነዋ! ፔዳሉም ጠንካራ ሆኖ ይቆያል። አንድ ቀን ሾፌሩ አጥብቆ ሲይዝ በሮቹ ይከፈታሉ። አየሩም ያን ጊዜ ወደ ቱቦዎቹ ይወጣል። ፍሬኑ እጅግ በተፈለገበት ሰዓት ማለት ነው።

ሾፌሩ ሲጠየቅ ታሪኩ ወጣ። ከአንድ ወር በፊት ቱቦ ተሰንጥቆበት ዘይቱ አልቆ ነበር። አንድ ጋራዥ ቱቦውን ለወጠለት፣ በአራቱም ጎማ አየሩን አስወጣለት። ፔዳሉ ጠነከረ። ከሦስት ቀን በፊት በዝናብ ላይ ከብት ገብቶበት አጥብቆ ያዘ፤ ፔዳሉም ተንቀጠቀጠ። ከዚያ ወዲህ ነው የለሰለሰው።

«ዛሬ ያስወጣነው ያን ቀን ከሳጥኑ የወጣውን ነው። የቀረውን ታች በረሃው ውስጥ ልታስወጣው ነው?» አለው መካኒኩ።

የቀረውን ለማስወጣት ከመኪናው ኮምፒዩተር ጋር የሚያያዝ መሣሪያ ያስፈልጋል። መሣሪያው በሮቹን ያስከፍታል፤ በሳጥኑ ውስጥ ያለውንም ትንሽ ፓምፕ ያሠራል። በደጀኑ ጋራዥ አልነበረም። ጤፉ ወደ ሌላ መኪና ተዛወረ። ሽማግሌውም በዚያው ሄዱ። በማግሥቱ መሣሪያ ያለው ሰው ከደብረ ማርቆስ መጣ። መሣሪያውን ሲያያይዘው ሳጥኑ «ዝዝዝ» እያለ ጮኸ። ከዚያ እንደ ትናንቱ ርገጥ፣ ያዝ፣ ልቀቅ ተባባልን። ከሁለቱ ጎማ የወጣው ዘይት እንደ ተናጠ ወተት አረፋ የሞላበት ነበር።

በኤ.ቢ.ኤስ. መኪና ሁሉ ይህ መሣሪያ ያስፈልጋል ማለት አይደለም። ማጠራቀሚያው ሳይደርቅ ዘይት ብቻ ከተለወጠ፣ በብዙ መኪና የተለመደው አሠራር ይበቃል። ሳጥኑ ከተለወጠ ወይም አየር ከገባበት ነው መዘዙ።

ማንበብ የሚችል ሰው ምን ያያል?

መኪና ያለው ማኅበር አባል የሆናችሁ፣ ዘይት ሲገዛ ጣሳውን ተቀብላችሁ ቁጥሩን አንብቡ። በማጠራቀሚያው ክዳን ላይም ቁጥር አለ። ክዳኑ 3 ወይም 4 ካለ ጣሳውም ከዚያው ጋር ይስማማ። ዶት 5 የተባለው ከነዚህ ጋር አይቀላቀልም። ጣሳው ቀድሞ ተከፍቶ የቆየ ከሆነ ውኃ ጠጥቷልና ይቅር። የሞተር ዘይት፣ የምግብ ዘይት ወይም የሳሙና ውኃ የሚጨምር ረዳት ካያችሁ አስቁሙት። የሞተር ዘይት የፍሬኑን ላስቲኮች ሁሉ አሳብጦ ያበላሻቸዋል።

ከመሪው ፊት ያሉትን መብራቶችም ተመልከቱ። ኤ.ቢ.ኤስ. የሚለው ቢጫ መብራት ሳይጠፋ ከቀረ፣ ተራው ፍሬን ይሠራል፤ ጎማ እንዳይቆልፍ የሚከላከለው ግን አይሠራም። የእጅ ፍሬን ተለቅቆ ሳለ ቀዩ የፍሬን መብራት ከበራ ግን መኪናው ይቁም።

ባዶውን የፍሬን ዘይት ጣሳ ደግሞ ለውኃም ሆነ ለምግብ ዘይት መቅጃ አታድርጉት። መርዝ ነው፤ በእጥበትም አትመኑት። ከጎማው የወጣውን አሮጌ ዘይት መካኒኩ በክዳን ዘግቶ ለብቻው አስቀመጠው። ከጋራዡ ደጃፍ የአንድ ሰው ላም ታስራ ነበርና።