የዓለም ሥርዓት ቅቡልነት ከዓባይ ራስጌ ሲታይ

በአዊ ዞን፣ አዘና ላይ የዘነበ ዝናብ በየትኛውም ተዳፋት ቢወርድ ማረፊያው ዓባይ ነው። የዞኑ ምድር በዓባይ ተፋሰስ ውስጥ ስለሚገኝ፣ ከእንጅባራና ከዳንግላ ደጋ የሚነሡ ጅረቶች ከፊሎቹ በቀጥታ፣ ከፊሎቹ በበለስ በኩል ዞረው ሱዳን ይገባሉ፤ ከዚያም ወደ ግብፅ ይዘልቃሉ። በዚህም የተነሣ አካባቢው በዓለም ፖለቲካ መዝገብ ላይ ከሰፈረ ቆይቷል። በ1920ዎቹ (እዚህ የሚጠቀሱት ቀናትና ዓመታት፣ ዓ.ም. ከተባሉት በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ብሪታኒያ ዳንግላ ላይ ቆንስላ ነበራት። ከ1925 እስከ 1934 በቆንስልነት የተቀመጠው ሜጀር ቺዝማን ጣናን ዞሮ፣ የዓባይን ሸለቆ ተከትሎ ካርታ አነሣ። ለንደን የጣናን ውኃ አጠራቅማ ለሱዳን ጥጥና ለግብፅ እርሻ ለማዋል ታስብ ነበርና፣ የዳንግላ ከተማ የአንድ ትልቅ የውኃ ፖለቲካ መመልከቻ ሆና ነበር። ዓለም አቀፍ ትብብር፣ የዓለም አስተዳደር፣ የዓለም ሥርዓት የሚባሉትን ነገሮች ከኒው ዮርክና ከጄኔቭ ይልቅ ከዚህ ከራስጌው ሆኖ መመዘን የሚቻለውም ለዚህ ነው።

ሥርዓት በጉልበት ብቻ ለጊዜው ሊቆም ይችላል። ጉልበተኛው ዞር ሲልም እንዲከበር ግን ሌላ ነገር ይሻል፤ እሱም ቅቡልነት ነው። በጎጃም ባህላዊ መስኖ ባለባቸው ብዙ ቀበሌዎች ይህን ነገር የውኃ አባት የሚባለው ሰው በደንብ ያውቀዋል። ከላይ ያለው «ከማሳዬ ይፈልቃልና የእኔ ነው» ቢል፣ ከታች ያለው ደግሞ «ከአባቴ ጀምሮ ስንጠቀምበት ኖረናል» ቢል፣ የውኃ አባቱ ተራ ያወጣል እንጂ ለአንዱ ብቻ አይፈርድም። ተራው የሚከበረው ባለማሳዎቹ በተገኙበት ስለወጣ ነው፤ ደግሞም በጉልበተኛው ማሳ ላይ እንደ ደካማው ማሳ ሁሉ ስለሚሠራ ነው። የዓለም ሥርዓትም የሚመዘነው በእነዚሁ ሁለት ነገሮች ይመስለኛል፦ ሕጉ የሚያስረው ወገን ሲወጣ ተጠርቶ ነበርን? ያወጣውንስ ኃያል ያስረዋልን? ኢትዮጵያ ባለፈው አንድ መቶ ዓመት በእነዚህ ጥያቄዎች ሁለት ገጽታ አይታለች፤ ሥርዓቱ ሲሠራም፣ ሲከዳም።

በ1902 ዳግማዊ ምኒልክ ከብሪታኒያ ጋር በፈረሙት የድንበር ውል ላይ፣ ያለ ብሪታኒያና ያለ ሱዳን መንግሥት ስምምነት የዓባይን፣ የጣናንና የሶባትን ፍሰት የሚያግድ ሥራ እንዳይሠራ የሚል አንቀጽ ገባ። አንቀጹ ማገድን ነው ወይስ መጠቀምን የሚከለክለው የሚለው ክርክር እስከ ዛሬ አልበረደም። ይበልጥ የሚያስተምረው ግን ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። በታኅሣሥ 1925 ብሪታኒያና ጣሊያን ደብዳቤ ተለዋወጡ። ጣሊያን ብሪታኒያ በጣና ላይ ግድብ እንድትሠራ ልትደግፋት፣ ብሪታኒያ ደግሞ ለጣሊያን ከኤርትራ ወደ ሶማሊያ የሚዘረጋ የባቡር መስመርና በምዕራብ ኢትዮጵያ ብቸኛ የኢኮኖሚ የበላይነት ልትፈቅድላት ተስማሙ። ኢትዮጵያ አልተጠየቀችም። ሆኖም ከሁለት ዓመት በፊት፣ በመስከረም 1923፣ የመንግሥታት ማኅበር አባል ሆና ነበር። በኋላ ንጉሠ ነገሥት የሆኑት አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ በ1926 ለማኅበሩ አቤት አሉ። ስንገባ ነፃነታችን እኩል እንደሚከበር ተነግሮን ሳለ ሁለት አባላት በምድራችን ላይ ያለ እኛ እንዴት ይዋዋላሉ የሚል ነበር ፍሬ ነገሩ። ለንደንና ሮም ስምምነታቸው ኢትዮጵያን እንደማያስገድድ በጽሑፍ ለማረጋገጥ ተገደዱ። በ1927 ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ ወደ ኒው ዮርክ ሄደው ስለ ጣና ግድብ ጄ ጂ ዋይት ከተባለ የአሜሪካ ኩባንያ ጋር ተነጋገሩ። አንዲት አገር በራሷ ሐይቅ ላይ ማንን እንደምታሠራ መምረጥ የቻለችው በጦር ኃይል አይደለም፤ አቤት የሚባልበት አደባባይ ስለነበረ ነው።

አሥር ዓመት ሳይሞላ የሆነውን ሁሉም ያውቀዋል። ጣሊያን ወረረች፤ ማኅበሩ ማዕቀብ ጣለ። ማዕቀቡ ግን ነዳጅን አልነካም፣ የስዊዝ ቦይም አልተዘጋም። ንጉሠ ነገሥቱ ሰኔ 30 ቀን 1936 ጄኔቭ ላይ ከተናገሩ ከሁለት ሳምንት በኋላ ማዕቀቡ ተነሣ። ከዚህ ተነሥተው «ዓለም አቀፍ ሕግ የኃያላን መጋረጃ ነው፤ ጉልበትህን አበርታ እንጂ ወረቀት አትመን» የሚሉ አሉ። ምሬታቸው እውነተኛ ነው፤ መደምደሚያቸውን ግን አልቀበልም። ኢትዮጵያ ራሷ አልተቀበለችውምና። በ1945 ሳን ፍራንሲስኮ ላይ የተባበሩት መንግሥታትን ቻርተር ፈረመች። በ1960 ከላይቤሪያ ጋር ሆና ደቡብ አፍሪካን በናሚቢያ ጉዳይ በዓለም አቀፉ ፍርድ ቤት ከሰሰች። በ1966 ዳኞቹ ሰባት ለሰባት ተከፈሉና በፕሬዚዳንቱ ወሳኝ ድምፅ ከሳሾቹ መብት የላቸውም ተባለ። ነገሩ በዚያ አላበቃም። የፍርዱ ኢፍትሐዊነት ያስቆጣው ጠቅላላ ጉባኤ በዚያው ዓመት የደቡብ አፍሪካን ሞግዚትነት ሻረ፤ በ1971 ደግሞ ያው ፍርድ ቤት የደቡብ አፍሪካ ቆይታ ሕገ ወጥ መሆኑን አስታወቀ፤ ናሚቢያም በ1990 ነፃ ወጣች። የሕግ መንገድ ረጅም ነው፤ የተረታ ክስ እንኳ ቅቡልነትን ከአጥፊው ይቀማል።

በዓባይ ላይ ደግሞ የመጀመሪያው ጥያቄ፣ ማን ተጠራ የሚለው፣ ለአንድ ትውልድ ሳይመለስ ቆየ። በ1929 ግብፅና ብሪታኒያ፣ በ1959 ግብፅና ሱዳን ተዋዋሉ። ሁለተኛው ውል በዓመት 84 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ተብሎ ከተገመተው ፍሰት ለግብፅ 55.5፣ ለሱዳን 18.5 ሰጠ፤ የቀረውን ለትነት ተወ። አስዋን ከሚደርሰው ውኃ 85 በመቶ ገደማ የሚፈልቅባት ኢትዮጵያ በድርሻው ላይ ስሟም የለም። የ1959ን ድልድል «ታሪካዊ መብት» ብሎ ማቅረብ፣ የታችኛው ማሳ ባለቤት ከጎረቤቱ ጋር ብቻ ተስማምቶ ራስጌውን ተራ ነፍጎ ሲያበቃ «ተራ ወጥቷል» እንደ ማለት ነው። በ1999 የናይል ተፋሰስ ኢኒሼቲቭ ሲመሠረት ነው ሁሉም በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ለመቀመጥ የሞከሩት። ከዚያ የተወለደው የትብብር ማዕቀፍ ስምምነት በግንቦት 2010 ኢንቴቤ ላይ ለፊርማ ቀረበ፤ ደቡብ ሱዳን ስድስተኛ ሆና ካጸደቀች በኋላ በጥቅምት 2024 ሥራ ላይ ዋለ። አሥራ አራት ዓመት ፈጅቷል፤ የላይኛው ተፋሰስ አገሮች ራሳቸው ያወጡት ሕግ መሆኑ ግን ታላቅ ነገር ነው። በመካከሉ ኢትዮጵያ በራሷ አቆጣጠር መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. የሕዳሴውን ግድብ ጀመረች። ገንዘቡ ከመንግሥት ካዝናና ሕዝቡ ከገዛው ቦንድ ተገኘ፤ ግድቡም ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ። ግድቡ ከመመረቁ በፊት፣ በ2020ና በ2021፣ ጉዳዩ ጸጥታ ምክር ቤት ድረስ ሄዶ ነበር፤ ምክር ቤቱ በመስከረም 2021 ባወጣው መግለጫ ወደ አፍሪካ ኅብረት ድርድር መለሰው። ውሳኔው ትክክል ነበር። አምስት ባለ ቋሚ ወንበር ኃያላን የሚወስኑበት፣ ከ54 የአፍሪካ አገሮች አንዱም ቋሚ ወንበር ያላገኘበት ምክር ቤት የዓባይን ተራ ለማውጣት ቅቡልነቱ የለውም።

የግብፅ ስጋት ግን በዚህ አይሰረዝም። ዝናብ እምብዛም የማይጥልበት ምድር ላይ ከመቶ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ በአንድ ወንዝ ሲኖር፣ ከራስጌ የሚሠራ ማንኛውም ሥራ ያስደነግጣል፤ ይህን ፍርሃት የሚያቃልል የአገሬ ሰው የውኃ አባቱን ሥራ ግማሹን ረስቶታል። ክርክሩ የተሰነቀረው በማዕቀፉ አንቀጽ 14 ለ ላይ ነው። የላይኞቹ የሌላውን አገር የውኃ ዋስትና በጉልህ ላለመጉዳት ተስማሙ፤ ግብፅና ሱዳን ግን «የወቅቱን አጠቃቀምና መብት» የሚሉት ቃላት እንዲጨመሩ ጠየቁ። እነዚህ ቃላት የ1959ን ድልድል በጓሮ በር የሚያስገቡ ስለሆኑ አለመቀበሉ አግባብ ነው። በድርቅ ዓመት ስንት ውኃ እንደሚለቀቅ ግልጽ ቃል መግባት ግን ሌላ ጉዳይ ነው፤ ይህ ለታችኞቹ ሊነፈግ አይገባም። በ1997 ጠቅላላ ጉባኤው የዓለም አቀፍ ወንዞችን ስምምነት ሲያጸድቅ ኢትዮጵያም ግብፅም ድምፀ ተአቅቦ ማድረጋቸው የሁለቱን ተመሳሳይ ጥንቃቄ ያሳያል።

ሁለተኛው መመዘኛ፣ ሕጉ ኃያሉንም ያስራል ወይ የሚለው፣ ወደ እኛም ይዞራል። ከኤርትራ ጋር በተፈረመው የአልጀርስ ስምምነት መሠረት የተቋቋመው የድንበር ኮሚሽን ውሳኔ የመጨረሻና አስገዳጅ እንዲሆን ኢትዮጵያ ፈርማ ነበር። ውሳኔው በሚያዝያ 2002 ተሰጠ፤ ሙሉ በሙሉ እንደምትቀበለው ያስታወቀችው በ2018 ነው። በኦሞ ላይ ደግሞ እኛ ራስጌ ነን። የኬንያው የቱርካና ሐይቅ ውኃ 90 በመቶ ያህሉ ከኦሞ ይመጣል፤ የግልገል ጊቤ ሦስት ግድብ ከተሠራ በኋላ በ2018 ዩኔስኮ የሐይቁን ብሔራዊ ፓርኮች በአደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች መዝገብ አስገባቸው። ግብፅ እኛን መስማት አለባት የምንለው ቃል ክብደት የሚያገኘው፣ የቱርካና ዓሣ አጥማጅ ሲናገር አዲስ አበባ ላይ ከተሰማ ነው።

በዚህ ሁሉ ወረቀት ውስጥ የሌለ አንድ ወገን ደግሞ አለ። በአዊ ወረዳዎች፣ በፋግታ ለኮማና በባንጃ፣ ያለው ገበሬ ዲከረንስ የሚባለውን ዛፍ ተክሎ፣ ከሰል አክስሎ ሲሸጥ፣ የተራቆተውን ተዳፋት በዛፍ አልብሶታል። የአንከሻው ገበሬ በማሳው ላይ የሚያበጀው እርከን አፈሩን ያቆያል። ከኢትዮጵያ ደጋ የሚታጠበው ደለል የሱዳንን የሮዘሪስ ግድብ አቅም ሲበላ ኖሯል፤ ነገ የሕዳሴውንም ይበላል። የ1902፣ የ1929ና የ1959 ውሎች ስለዚህ ሥራ አንድ ቃል አልተናገሩም። የትብብር ማዕቀፉ ተፋሰሱን መጠበቅ የአባል አገሮች ግዴታ ነው ይላል። ማዕቀፉ የሚያቋቁመው የናይል ኮሚሽን ሥራውን ሲጀምር የሚለካው ፍሰት በሜትር ኩብ ብቻ ከሆነ፣ አዘና እንደ ቺዝማን ዘመን በካርታ ላይ ያለች ነጥብ ትሆናለች፤ የገበሬው እርከን እንደ መዋጮ ከተቆጠረና ከታች ያሉት አገሮች ወጪውን ከተካፈሉት ግን፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ከራስጌው ቀበሌ ጀምሮ የወጣ ተራ ይኖራል።