ተጫዋቹ አሠልጣኝ ሲሆን

አንድን ሙያ ማወቅና ያንኑ ሙያ ለሌላ ሰው ማሳወቅ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ጥሩ የሚሸምን ሸማኔ ሁሉ ጥሩ የሽመና አስተማሪ አይሆንም። እጁ የለመደውን ሥራ እንዴት እንደሚሠራው ሲጠየቅ፣ «እንዲህ ነዋ!» ብሎ ሠርቶ ከማሳየት በቀር ማስረዳት የሚያቅተው ባለሙያ ብዙ ነው። በስፖርትም እንዲሁ ነው። በጨዋታ ዘመናቸው ስመ ጥር የነበሩ፣ አሠልጣኝ ሲሆኑ ግን ያልተሳካላቸው ብዙ ናቸው። ሁለቱንም አጣምረው የያዙት ጥቂቶች ናቸው። ከነዚህም አንዱ የእጅ ኳስ ተጫዋች የነበረው ታላንት ዱይሼባዬቭ ነው።

የዚህን ሰው ታሪክ ስንመለከት፣ ሰው ጉልበቱ ሲደክም ዕውቀቱን እንዴት ለሌሎች ሊያሸጋግር እንደሚችል እንረዳለን። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

የእጅ ኳስ እንዴት ያለ ጨዋታ ነው?

ወደ ሰውዬው ከመሄዳችን በፊት እስቲ ጨዋታውን እንወቀው። የእጅ ኳስ እንደ እግር ኳስ ሁሉ ሁለት ቡድኖች ግብ ለማግባት የሚፎካከሩበት ጨዋታ ነው። ልዩነቱ ኳሱ የሚያዘው፣ የሚነጥረውና የሚወረወረው በእጅ መሆኑ ነው። ከያንዳንዱ ቡድን 7 ሰዎች ይሰለፋሉ፤ ከሰባቱ አንዱ በረኛ ነው። የሜዳው ርዝመት 40 ሜትር፣ ስፋቱ 20 ሜትር ነው። ግቡ ደግሞ 3 ሜትር ስፋትና 2 ሜትር ቁመት አለው። 30 ደቂቃ ተጫውተው ያርፋሉ፤ ከዕረፍት በኋላ ሌላ 30 ደቂቃ ይጫወታሉ።

ከግቡ 6 ሜትር ርቆ የተሰመረ መስመር አለ። ከዚህ መስመር ወዲያ መቆም የሚፈቀድለት በረኛው ብቻ ነው። አጥቂው ግን ከመስመሩ ውጪ ተነሥቶ ሊዘልና አየር ላይ እንዳለ ሊወረውር ይችላል። ብቻ እግሩ መሬት ከመንካቱ በፊት ኳሱ ከእጁ መውጣት አለበት። ሌላም ሕግ አለ። ኳስ የያዘ ሰው ከ3 እርምጃ በላይ መራመድ፣ ኳሱን ሳያነጥርም ከ3 ሴኮንድ በላይ ይዞ መቆየት አይችልም።

እንግዲህ አስቡት። 3 ሴኮንድ ማለት «አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት» ብሎ የመቁጠር ያህል ነው። በዚያች አፍታ ውስጥ ተጫዋቹ ራሱ ይወርውር ወይስ ለጓደኛው ያቀብል መወሰን አለበት። ስለዚህ የእጅ ኳስ የክንድ ጨዋታ ብቻ አይደለም፤ የጭንቅላትም ጨዋታ ነው።

ቡድኑ ሲያጠቃ ሁለት ሰዎች በግራና በቀኝ ጥግ ይቆማሉ። አንዱ እተከላካዮቹ መሐል ይገባና እየተጋፋ ቀዳዳ ይከፍታል። ሦስቱ ከኋላ ሆነው ኳሱን ይቀባበላሉ። ከሦስቱ መካከለኛው አከፋፋይ ይባላል። ኳሱ በብዛት የሚያልፈው በሱ እጅ ነው። ማን ክፍት እንደሆነ፣ የትኛው ተከላካይ እንደደከመ፣ በረኛው ወደ የት እንዳዘነበለ ማየት የሱ ተግባር ነው። ታላንት የተጫወተው በዚህ ቦታ ነበር። ይህን ልብ በሉ፤ ኋላ እንመለስበታለን።

ከተራራማው አገር እስከ ኦሎምፒክ

ታላንት ዱይሼባዬቭ የተወለደው በ1968 በመካከለኛው እስያ በምትገኘው በኪርጊዝ ነው። ኪርጊዝ አብዛኛው መሬቷ ተራራ የሆነ፣ ባሕር የሌላት፣ ሕዝቧ በፈረስና በበግ ርባታ የታወቀ አገር ናት። በዚያን ጊዜ ከሶቪየት ኅብረት ሪፐብሊኮች አንዷ ነበረች። የተወለደባት ከተማ ያኔ ፍሩንዜ ትባል ነበር፤ ዛሬ ቢሽኬክ ትባላለች።

ወጣቱ ታላንት ችሎታው ታይቶ ወደ ሞስኮ ሄደና የጦር ሠራዊቱ ክለብ ለሆነው ለሲስካ ተሰለፈ። በ1991 መጨረሻ ሶቪየት ኅብረት ፈረሰች። በ1992 በባርሴሎና ኦሎምፒክ የቀድሞዎቹ ሪፐብሊኮች ስፖርተኞች «የተባበረው ቡድን» በሚል ስም ለመጨረሻ ጊዜ ባንድነት ተሰለፉ። የእጅ ኳሱ ቡድን በፍጻሜው ስዊድንን 22 ለ20 አሸንፎ የወርቅ ሜዳይ አገኘ። ታላንት በ7 ጨዋታዎች 47 ግቦች አገባ። በሚቀጥለው ዓመት ደግሞ ከሩሲያ ቡድን ጋር ሆኖ የዓለም ሻምፒዮን ሆነ።

ከኦሎምፒኩ በኋላ ወደ ስፔን ሄዶ ሳንታንደር በምትባል ከተማ ለቴካ ክለብ ተጫወተ። በ1994 ክለቡ የአውሮፓን ሻምፒዮንስ ሊግ ዋንጫ ወሰደ። ይህ ዋንጫ በአውሮፓ ክለቦች መካከል ከሚደረጉት ውድድሮች ሁሉ ትልቁ ነው። ታላንትም በዚያው ዓመት የዓለም ኮከብ ተጫዋች ተብሎ ተመረጠ፤ በ1996ም ይህንኑ ክብር ደገመው።

በ1995 የስፔን ዜግነት አገኘና ለስፔን ብሔራዊ ቡድን መጫወት ጀመረ። በ1996 የአውሮፓ ሻምፒዮና በስፔን ሲደረግ ለፍጻሜ የደረሱት ማንና ማን ነበሩ? ስፔንና ሩሲያ! ታላንት ከሦስት ዓመት በፊት አብሯቸው የዓለም ሻምፒዮን በሆነበት ቡድን ላይ ተሰለፈ። ሩሲያ 23 ለ22፣ በአንዲት ግብ ብቻ አሸነፈች። የውድድሩ ምርጥ ተጫዋች የተባለው ግን ታላንት ነበር። ከስፔን ጋር በ1996 በአትላንታና በ2000 በሲድኒ ኦሎምፒክ የነሐስ ሜዳይ አግኝቷል።

ጉልበት ሲደክም

የስፖርተኛ ዕድሜ አጭር ነው። ገበሬ በ50 ዓመቱ ያርሳል፤ አናጺ በ60 ዓመቱ መጋዝ ይይዛል። የእጅ ኳስ ተጫዋች ግን 35 ዓመት ሲሞላው ጉልበቱና ትከሻው «በቃኝ» ማለት ይጀምራሉ። በየጨዋታው መዝለል፣ መውደቅ፣ ከተከላካይ ጋር መላተም አለ። ታዲያ ከልጅነቱ ጀምሮ ሌላ ሥራ ያልሠራ ሰው ያን ጊዜ ምን ይሁን? ብዙ ስፖርተኞች በዚህ ጥያቄ ይጨነቃሉ። ትናንት ሕዝብ ያጨበጨበለት ሰው ዛሬ ስሙን የሚጠራው ያጣል።

ታላንት በጀርመን ለጥቂት ዓመታት ከተጫወተ በኋላ ወደ ስፔን ተመልሶ ስዩዳድ ሪያል በምትባል መካከለኛ ከተማ ክለብ ገባ። በ2005 የዚያው ክለብ አሠልጣኝ ሆነ። ያን ጊዜ 37ኛ ዓመቱን ይዞ ነበር። መጀመሪያ ላይ ተጫዋችነቱን ጨርሶ አልተወም፤ ሁለቱን ደርቦ ሠራ። በ2007 መጫወቱን ተወ።

ነገሩ ቀላል አልነበረም። ትናንት እኩያቸው የነበረ ሰው ዛሬ አዛዣቸው ሲሆን ተጫዋቾቹ ምን ይሉ ይሆን? አሠልጣኙስ አብሮት የተጫወተውን ወዳጁን «ዛሬ አትሰለፍም» ማለት ሲኖርበት ምን ይሰማዋል? ተጫዋች ሳለ ቡድኑ ሲቸገር ኳሱን ተቀብሎ ራሱ ይወረውር ነበር። አሠልጣኝ ከሆነ በኋላ ግን ሜዳ ዳር ቆሞ ማየት ብቻ ነው ያለው። ኳሱን አይነካም። ሥራው ሁሉ በሌላ ሰው እጅ ነው።

አሠልጣኝ ምን ይሠራል?

አንዳንድ ሰው አሠልጣኝ ሜዳ ዳር ቆሞ የሚጮህ ሰው ብቻ ይመስለዋል። ታላንትም በርግጥ ዝም ብሎ የሚቀመጥ ሰው አይደለም፤ በቁጣውም የታወቀ ነው። ነገር ግን ዋናው ሥራ የሚሠራው ከግጥሚያው በፊት ነው። አሠልጣኝ የተቃራኒውን ቡድን ጨዋታ በፊልም አይቶ ያጠናል። ማን በየትኛው እጁ እንደሚወረውር፣ በረኛው የት ላይ እንደሚደክም ይመዘግባል። ከዚያም ያየውን ቡድኑ እንዲያየው ያደርጋል። የጨነቀውን ያበረታታል፤ የታበየውን ይመልሳል።

በግጥሚያው ጊዜ ደግሞ አሠልጣኙ ጨዋታ አስቁሞ ቡድኑን ለ1 ደቂቃ ማነጋገር ይችላል። ይህ የሚፈቀድለት በአንድ ጨዋታ 3 ጊዜ ብቻ ነው። አረንጓዴ ካርድ ሰዓት መዝጋቢዎቹ ጠረጴዛ ላይ ያስቀምጣል፤ ፊሽካ ይነፋል፤ ተጫዋቾቹ ይከቡታል። በ1 ደቂቃ ውስጥ ብዙ ወሬ አይነገርም። ስለዚህ አጭርና ግልጽ ቃል መምረጥ ያስፈልጋል።

ቀደም ሲል ልብ በሉ ያልነው ነገር እዚህ ላይ ይመጣል። ታላንት አከፋፋይ ስለነበር ሌሎቹን ማየት ለምዷል። በጥግ የሚጫወት ሰው ባመዛኙ የራሱን ጥግ ያውቃል። አከፋፋይ ግን የስድስቱንም ሥራ ማወቅ ግዴታው ነው። በሌላ አነጋገር፣ ገና ተጫዋች ሳለ የአሠልጣኝነትን ፊደል ቆጥሯል ማለት ይቻላል።

ውጤቱም ታየ። ስዩዳድ ሪያል በሱ መሪነት በ2006፣ በ2008ና በ2009 የሻምፒዮንስ ሊግ ዋንጫ ወሰደ። በ2009 የጀርመኑ ኪል ክለብ በመጀመሪያው ግጥሚያ 39 ለ34 አሸንፎ ነበር። በመልሱ ስዩዳድ ሪያል 33 ለ27 አሸነፈ። ሲደመር 67 ለ66፣ በአንዲት ግብ ብልጫ ማለት ነው።

ዳሩ ግን ጥሩ አሠልጣኝ ብቻውን ክለብን አያቆምም። ገንዘብ አነሰ። ክለቡ በ2011 ወደ ማድሪድ ተዛውሮ አትሌቲኮ ማድሪድ ተባለ፤ በ2013 በዕዳ ምክንያት ፈረሰ። ታላንት ከስምንት ዓመት ድካም በኋላ ቡድን የሌለው አሠልጣኝ ሆኖ ቀረ። በ2014 መጀመሪያ ላይ የፖላንዱ ኪየልትሴ ክለብ ጠራውና ሥራውን እንደገና ጀመረ።

የኮሎኙ ግጥሚያ

ግንቦት 29 ቀን 2016 በጀርመን አገር በኮሎኝ ከተማ የሻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜ ተደረገ። የተጋጠሙት ኪየልትሴና የሃንጋሪው ቬስፕሬም ነበሩ። በኪየልትሴ ውስጥ ፖላንዳውያን፣ ስፔናውያንና ክሮኤሺያውያን ጎን ለጎን ይጫወቱ ነበር። ከነሱም አንዱ ካሮል ቢዬሌትስኪ ነው። ይህ ሰው በ2010 በአንድ ጨዋታ ላይ በደረሰበት ጉዳት የአንድ ዐይኑን ብርሃን አጥቷል። ቢሆንም መከላከያ መነጽር አድርጎ ወደ ሜዳ ተመልሷል።

ጨዋታው ሊያልቅ ወደ 14 ደቂቃ ሲቀረው ቬስፕሬም 28 ለ19 ይመራ ነበር። የ9 ግብ ልዩነት! በእጅ ኳስ ይህን ያህል ልዩነት በዚያ ሰዓት ከታየ ተመልካቹ ኮቱን ማንሳት ይጀምራል። «አለቀ» ይባላል። እንዲህ ባለ ጊዜ ብዙ ቡድን ይቸኩላል። እያንዳንዱ ብቻውን ጀግና ልሁን ይላል፤ የቸኮለ አፍሶ ለቀመ እንዲሉ፣ ኳስ ይበላሻል።

ኪየልትሴ ግን አንድ በአንድ ለቀመ። እስከ መደበኛው ሰዓት መጨረሻ ድረስ ኪየልትሴ 10 ግብ ሲያገባ ቬስፕሬም 1 ብቻ አገባ። ውጤቱ 29 ለ29 ሆነ። ተጨማሪ ሰዓት ተሰጠ፤ 35 ለ35 ሆነ። በመጨረሻ ከ7 ሜትር በሚወረወር የፍጹም ቅጣት ኪየልትሴ 39 ለ38 አሸነፈ። የመጨረሻዋን ወርውሮ ያገባው ስፔናዊው ኹለን አጊናጋልዴ ነበር። ከፖላንድ ይህን ዋንጫ የወሰደ ክለብ ከዚያ በፊት አልነበረም።

10 ለ1 የሆነው በአንድ ሰው ክንድ አይደለም። ግብ የሚያገባው አጥቂው ቢሆንም፣ ተከላካይና በረኛ ካልዘጉ ልዩነቱ አይጠብም። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የሚባለው ይህ ነው። ድሩን የሚያስተባብረው ደግሞ አሠልጣኙ ነው።

ድልም ሽንፈትም

ሁልጊዜ ድል የለም። ከ2014 እስከ 2023 ኪየልትሴ በየዓመቱ የፖላንድ ሻምፒዮን ቢሆንም፣ በ2022 በሻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜ ላይ በፍጹም ቅጣት በባርሴሎና ተሸነፈ። በ2023ም ለፍጻሜ ደርሶ በተጨማሪ ሰዓት በማግደቡርግ 30 ለ29 ተሸነፈ። በ2016 ለሱ የፈረደች አንዲት ግብ በ2023 በሱ ላይ ፈረደች። አሠልጣኝ ይህንንም መቻል አለበት፤ በማግስቱ ልምምድ አለና።

ሌላም ፈተና ነበረበት። ሁለቱ ልጆቹ አሌክስና ዳኒ የእጅ ኳስ ተጫዋቾች ሆኑ፤ ሁለቱም በኪየልትሴ በአባታቸው ሥር ተጫወቱ። አሌክስ ከስፔን ቡድን ጋር በ2018ና በ2020 የአውሮፓ ሻምፒዮን ሆኗል። አባት አሠልጣኝ ሲሆን ልጁን ቢያሰልፍ «አዳላ» ይባላል፤ ቢያስቀምጥ ደግሞ እቤት ኩርፊያ ይጠብቀዋል። ለዚህ መልስ የሚሆነው ሜዳ ላይ የሚታይ ሥራ ብቻ ነው።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ ምን እናገኛለን? ታላንት በተጫዋችነቱ ያገባቸው ግቦች የሱ ነበሩ። በአሠልጣኝነቱ አንዲት ግብ አላገባም፤ ነገር ግን ብዙ ሰዎች እንዲያገቡ አደረገ። ክንድ ከባለቤቱ ጋር ያረጃል። ለሌላ የተሰጠ ዕውቀት ግን በተቀባዩ ክንድ እንደገና ወጣት ይሆናል።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. የእጅ ኳስ ከእግር ኳስ በምን በምን ይለያል?
2. አከፋፋይ ሆኖ መጫወት ለአሠልጣኝነት የሚጠቅመው ለምንድን ነው?
3. ኪየልትሴ በ14 ደቂቃ ውስጥ የ9 ግብ ልዩነትን እንዴት አጠበበ? ቡድኑ ቢቸኩል ኖሮ ምን ይሆን ነበር?
4. በአካባቢያችሁ ሙያውን ጥሩ አድርጎ የሚያውቅ፣ ለሌላውም ጥሩ አድርጎ የሚያስተምር ሰው አለ? እንዴት እንደሚያስተምር ተነጋገሩ።