ተጨማሪ መረጃ፦ ክሪስቲና ያንዳ
ፖላንዳዊቷ ክሪስቲና ያንዳ በ1977 (እ.ኤ.አ.) በአንጄይ ቫይዳ «የእምነበረድ ሰው» ፊልም ላይ ብቅ ስትል ገና ሃያ አምስት ዓመት አልሞላትም ነበር። የተጫወተችው የተረሳ ግንበኛን ታሪክ ካልቆፈርኩ ብላ ባለሥልጣናትን እረፍት የምትነሳ የፊልም ተማሪን ነው። በ1981 በወጡ ሁለት ፊልሞቿ ዕድል ቀናት፦ የቫይዳ «የብረት ሰው» በካን ፌስቲቫል የወርቅ ዘንባባን ሲያገኝ፣ በሃንጋሪያዊው ኢስትቫን ሳቦ የተዘጋጀው «ሜፊስቶ» ደግሞ በቀጣዩ ዓመት በውጭ ቋንቋ ፊልም ዘርፍ ኦስካር ወሰደ።

ትልቁ ሥራዋ ግን የሪሻርድ ቡጋይስኪ «ምርመራ» ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። በስታሊን ዘመን ጥፋቷ ሳይነገራት የታሰረች የካባሬ ዘፋኝ ታሪክ ነው፤ ያንዳ ስትደበደብ፣ ስትዋረድ፣ ግን አልፈርምም ስትል እናያለን። ፊልሙ ገና እየተሠራ ሳለ፣ በታኅሣሥ 1981፣ በፖላንድ ወታደራዊ አገዛዝ ታወጀ። በ1982 ሲጠናቀቅም ለሕዝብ እንዳይታይ ታገደ። ሰው ግን በድብቅ እየተባዛ በሚዞር የቪዲዮ ካሴት ያየው ነበር። እገዳው የተነሳው የሥርዓት ለውጥ በመጣበት በ1989 ሲሆን፣ በ1990 ካን ያንዳን ምርጥ ሴት ተዋናይ ብሎ ሸለማት። የተሸለመው ትወና ያኔ ስምንት ዓመት አልፎት ነበር!

በ2005 ዋርሶ ውስጥ «ፖሎኒያ» የተባለ የግል ቴአትር ቤት ከፍታለች፤ ሕንፃው ቀድሞ ሲኒማ ቤት ነበር።