ለአጋዘን አደን ቋሚ ስለት እንዴት መርጬ እንዴት እንደምፈትን



እዚህ ቨርጂኒያ የቀስት አደን የሚከፈተው በኦክቶበር የመጀመሪያው ቅዳሜ ነው። ቀኑ ሲቃረብ በውስጥ መስመር የሚመጣልኝ ጥያቄ ያው ነው፦ «ጋሼ፣ የትኛውን ብሮድሄድ ልግዛ?» ለየብቻ ከምመልስ እዚህ ሰፋ አድርጌ ልጻፈው። ብሮድሄድ የምንለው ቀስቱ ጫፍ ላይ የሚታሰረውን ባለ ስለት ራስ ነው። የማወራው ስለ ቋሚ ስለት ብቻ ነው፤ ታጥፎ በርሮ ሰውነት ሲነካ ስለሚዘረጋው ሌላ ጊዜ እናወራለን።

መልሴን አስቀድሜ ልንገራችሁ። ትክክለኛው ብሮድሄድ ከራሳችሁ ደጋን ሲወጣ የልምምድ ጫፋችሁ የሚያርፍበት ቦታ ላይ የሚያርፍ፣ ደግሞም እንደ ምላጭ የተሳለ ነው። እነዚህን ሁለት ነገሮች ካርቶኑ ላይ ተጽፈው አታገኟቸውም። ፈትናችሁ ነው የምታውቋቸው።

ቀስት የሚገድለው በመቁረጥ ነው። ስል የሆነ ስለት ሁለቱን ሳንባ አቋርጦ ካለፈ አጋዘኗ በሰከንዶች ውስጥ ራሷን ትስታለች። ዱልዱም ስለት ግን ደም ስሩን ወደ ጎን እየገፋ ያልፋል፤ የሚነካውንም ሥጋ ይቀጠቅጠዋል። የተቀጠቀጠ ቁስል ላይ ደም ቶሎ ይረጋል፤ እንስሳዋም ቆስላ ጫካ ትገባለች። እኔ የስለት ነገር የሚያንገበግበኝ ለዚህ ነው። ሙስሊም ወንድሞቻችን ይህን ከሃይማኖታቸው ያውቁታል፤ በሸሪዓው ቢስሚላህ ተብሎ የተወረወረ ነገር በስለቱ ወግቶ የገደለው ይበላል፣ በጎኑ መትቶ የገደለው አይበላም። የትኛውም እምነት ውስጥ ያለ አዳኝ ይህን ልዩነት ልብ ቢለው ደስ ይለኛል።

ወደ ምርጫው ልግባ። የቨርጂኒያ ሕግ ብሮድሄዱ ቢያንስ 7/8 ኢንች ስፋት እንዲኖረው፣ ደጋኑም ባለ ብሮድሄድ ቀስት 125 ያርድ መወርወር እንዲችል ይጠይቃል። ሚኒሶታም ስፋቱን ያንኑ 7/8 ይላል፤ በዚያ ላይ ስለቱ ወደ ኋላ እንደ መንጠቆ የተቀለበሰ እንዳይሆን ይከለክላል። ሌላ ስቴት ያላችሁ ከመግዛታችሁ በፊት የስቴታችሁን ደንብ ተመልከቱ።

ክብደቱ ብዙ አያስጨንቅም። ገበያው ላይ የሚበዛው 100 እና 125 ግሬን ነው፤ በግራም 6.5 እና 8 ገደማ። ዋናው ነገር የልምምድ ጫፋችሁና ብሮድሄዳችሁ እኩል እንዲመዝኑ ነው።

ስፋቱና የስለቱ ብዛት ላይ ግን ሰው በቀላሉ ይሳሳታል። ካርቶኑ ላይ የሚጻፈው የቀዳዳው ስፋት ነው፤ እናንተ የምትፈልጉት ደግሞ ጠቅላላ የሚቆረጠውን ርዝመት ነው። 1 1/8 ኢንች ስፋት ያለው ባለ ሦስት ስለት ሲገባ ከመሐል ወደ ሦስት አቅጣጫ በድምሩ 1.7 ኢንች ያህል ይቆርጣል። 1 ኢንች ብቻ የሆነው ባለ አራት ስለት ደግሞ 2 ኢንች ይቆርጣል። ጠባቡ ከሰፊው በለጠ ማለት ነው። ጠባቡ በአየር ላይ ያለው ጸባይም የተሻለ ነው። ስለዚህ ለጀማሪ አጠር ያለ፣ ጠበብ ያለ፣ ባለ ሦስት ወይም ባለ አራት ስለት እመክራለሁ፤ እንደ ስሊክ ትሪክ ወይም እንደ ጂ5 ሞንቴክ ያለውን። የደጋኑ ጉልበት ከ50 ፓውንድ በታች ለሆነባችሁ፣ በተለይ ለእህቶቼና ለወጣቶች፣ ባለ ሁለት ስለቱ በቀላሉ ዘልቆ ስለሚገባ እሱ ይሻላችኋል።

ስለ ክብደት በቪዲዮ የምትሰሙት ክርክር አብዛኛው የሚመነጨው ከዶክተር ኤድ አሽቢ ጥናት ነው። ሰውየው በአፍሪካና በአውስትራሊያ ትላልቅ እንስሳት ላይ ቀስት እንዴት ዘልቆ እንደሚገባ ለብዙ ዓመታት መዝግቧል፤ ከባድ አጥንት ለመስበር ቀስቱ ከነጫፉ 650 ግሬን ገደማ ይሁን የሚለው ሐሳብም የእሱ ነው። ሥራውን አከብረዋለሁ፤ ስለ ጫፍ ጥንካሬና ስለ ስለት ከእሱ ብዙ ተምሬያለሁ። ነገር ግን የእኛ ባለ ነጭ ጭራ አጋዘን ጎሽ አይደለችም። ከ60 ፓውንድ ደጋን የወጣ፣ ቀጥ ብሎ የሚበር 425 ግሬን ቀስት ጎድኗን አልፎ በወዲያኛው በኩል ይወጣል።

አሁን ወደ ፈተናው። ብሮድሄድ ቀስቱ ጫፍ ላይ የተሰካ ትንሽ ክንፍ ነው። ኋላ ያሉት ላባዎች ቀስቱን ሊያቀኑት ይሞክራሉ፤ ፊት ያሉት ስለቶች ደግሞ ነፋሱን ይዘው ወደ ራሳቸው ይጎትቱታል። ደጋናችሁ ቀስቱን በጥቂቱ እንኳ አጣምሞ የሚለቅ ከሆነ የልምምድ ጫፍ ይሸፍንላችኋል፤ ብሮድሄድ ግን ያጋልጠዋል። ብዙዎች በዚህ ጊዜ ብሮድሄዱን ወቅሰው ሌላ ይገዛሉ።

መጀመሪያ የማደርገው ማሽከርከር ነው። ብሮድሄዱን አጥብቄ አስራለሁ (በጣት ሳይሆን አብሮት በሚመጣው መፍቻ)፣ ከዚያ ቀስቱን ለስላሳ እንጨት ላይ በጫፉ አቁሜ በሁለት ጣት አሾረዋለሁ። ዓይኔ ስለቱና ዘንጉ የሚገናኙበት ቦታ ላይ ነው። ቀጥ ያለ ከሆነ መጋጠሚያው የቆመ እስኪመስል ድረስ ጸጥ ብሎ ይዞራል። ከተጣመመ እዚያች ቦታ ላይ መወላገድ ይታያል፤ ጣትም ላይ ይርገበገባል። ያን ጊዜ ብሮድሄዱን ሌላ ቀስት ላይ አስሬ እሞክረዋለሁ። መወላገዱ ከብሮድሄዱ ጋር ከሄደ ጥፋቱ የእሱ ነው። ከቀስቱ ጋር ከቀረ የዘንጉ አፍ ቀጥ ብሎ አልተቆረጠም፤ በአሸዋ ወረቀት መሣሪያ ትንሽ ሲስተካከል ይድናል።

ቀጥሎ ተኩስ። 20 ያርድ ላይ አንድ በልምምድ ጫፍ፣ አንድ በብሮድሄድ፣ ለብሮድሄድ በተሠራ ፎም ኢላማ ላይ። አንድ ተኩስ ምንም አይነግራችሁም፤ ደጋግማችሁ የሁለቱንም መሰብሰቢያ ቦታ ፈልጉ። ብሮድሄዶቹ ከልምምድ ጫፎቹ በስተቀኝ ከተሰበሰቡ የቀስት ማረፊያውን ወደ ግራ፣ በስተግራ ከሆነ ወደ ቀኝ፣ ዝቅ ካሉ ወደ ላይ ግፉት። እጅግ በትንሹ፣ 1/32 ኢንች ያህል። ሁለቱ ሲገጥሙ ወደ 30፣ ከዚያም ወደ 40 ያርድ ራቁ፤ ርቀቱ የተደበቀውን ያወጣዋል። ማነጣጠሪያውን የምትነኩት ይህ ሁሉ ካለቀ በኋላ ነው። ማነጣጠሪያ አንቀሳቅሶ ብሮድሄዱን መሐል ማስገባት ይቻላል፤ ቀስቱ ግን እንደተጣመመ ይበራል፤ ተጣሞ የሚመታ ቀስት ጉልበቱን ጎድን ላይ ይጨርሳል።

ስለት የምፈትነው በላስቲክ ነው። የእጅ ፀጉር መላጨቱ ብቻ አያጠግበኝም። ባዶ የጫማ ካርቶን ላይ የብር ማሰሪያ ላስቲኮችን ላላ አድርጌ እወጥርና ብሮድሄዱን ያለ ጉልበት፣ በራሱ ክብደት ብቻ ላያቸው ላይ እስበዋለሁ። የተሳለው ሲነካቸው ይበጥሳቸዋል። ያልተሳለው ላስቲኩን እየገፋ ወደ ጎን ያንሸራትተዋል፤ ደም ስርም ከዱልዱም ስለት እንዲሁ ነው የሚያመልጠው። እያንዳንዱን ስለት ለብቻው ፈትኑት። ከካርቶን የወጣ አዲስ ብሮድሄድ አንዱ ስለቱ ስል፣ ሌላው ፈዛዛ የሚሆንበት ጊዜ አለ።

ለመሳል ከአንድ ብረት የተሠራው ባለ ሦስት ስለት ይቀላል። መሳያ ድንጋዩ ላይ ስታስተኙት ሁለቱ ስለቶች አንድ ላይ ያርፋሉ፤ አንግሉን ራሱ ይጠብቃል። ጠርዙን በማርከር አጥቁሩትና ጥቂት ጊዜ ግፉት፤ ቀለሙ የቀረበት ቦታ ገና ድንጋዩ ያልነካው ነው። ቀለሙ ከዳር እስከ ዳር እስኪጠፋ ቀጥሉ፤ ከዚያ በለዘበ ድንጋይና በቆዳ ጨርሱት።

በርሜል ሲበሱና ብሎኬት ሲመቱ የሚያሳዩ ቪዲዮዎች የብረቱን ጥንካሬ ያሳያሉ፤ ከዚያ ያለፈ ዋጋ አልሰጣቸውም። ይልቅ ካለፈው ዓመት አደን ፍሪዘር ውስጥ የቀረ የትከሻ አጥንት ከነሥጋው ካለ ፎሙ ፊት ሰቅላችሁ ምቱት። ጫፉ ታጠፈ? ስለቱ ተሸረፈ? ከዘንጉ ጋር ያለው ጠመዝማዛ ላላ? የሚያስፈልጋችሁን መልስ ታገኛላችሁ።

ዘልቆ መውጣቱ ለእኛ አካባቢ በተለይ ያስፈልጋል። ፌርፋክስ ካውንቲ የአጋዘኑን ቁጥር ለመቀነስ በሚያካሂደው የቀስት ፕሮግራም የሚተኮሰው ዛፍ ላይ ከተሠራ መቀመጫ ነው። ቀስቱ ከላይ ገብቶ በታች ካልወጣ ደሙ ደረቷ ውስጥ ይጠራቀምና መሬት ላይ ዱካ አይኖርም። በሰፈር መሐል ባለ ጫካ ውስጥ ጥቂት መቶ ሜትር የሮጠች አጋዘን ሰው ጓሮ ትደርሳለች፤ ያን ጊዜ በር አንኳኩቶ ፈቃድ መጠየቅ ይመጣል። ታችኛው ቀዳዳ ይህን ሁሉ ያሳጥራል።

ፈተናውን ሴፕቴምበር ሳያልቅ ጨርሱት። ወንዶቹ አጋዘኖች ሴት ፍለጋ በጠራራ ፀሐይ የሚወጡት ኖቬምበር አጋማሽ ላይ ነው፤ ጾመ ነቢያት ደግሞ ኅዳር 15 ይገባል። ትኩስ ሥጋ ለምንፈልግ ኦርቶዶክሳውያን የቀረችው ጊዜ ጠባብ ናት፤ በእሷ ውስጥ ማረፊያ ስታስተካክሉ እንዳትገኙ።

ፎም የመታ ስለት እንደገና ሳይሳል ወይም ሳይቀየር ወደ አደን አይሄድም። እኔ አንዱን ለልምምድ በቀለም ምልክት አድርጌበት እለያለሁ፤ የቀሩት የላስቲኩን ፈተና አልፈው ኮሮጆ ውስጥ ይገባሉ፤ ከዚያ ወዲያ ኢላማ አይነኩም።

ጥያቄ ያላችሁ ስትጽፉልኝ የደጋናችሁን ፓውንድ፣ የቀስቱን ርዝመትና ጠቅላላ ክብደት ጨምሩበት። የኢላማችሁን ፎቶም ላኩ፤ የትኛው ቀዳዳ የብሮድሄድ፣ የትኛው የልምምድ ጫፍ እንደሆነ ምልክት አድርጉበት።