«ኮርማ» የተባለው በሬ

ራግቢ ስናይ፣ ስክረም (የሁለቱ ቡድን ተጫዋቾች ተቃቅፈው የሚገፋፉበት) ሲመጣ ሻይ ልቅዳ ብሎ የሚነሳ ሰው አይጠፋም። ደብሊን የሚኖር አንድ ወዳጄ ዋነኛው ነው። «አሁን ደግሞ ተደራርበው ሊወድቁ ነው፤ ስኳር ስንት ላድርግልህ?» ይለኛል። እኔም ድሮ አብሬው እነሳ ነበር። አሁን ግን ለዚያች ቅጽበት ስል ጨዋታ የምከፍት ሰው ሆኛለሁ፤ ለዚህ ያበቃኝ የአየርላንዱ ተጫዋች ጆን ሄይስ ነው።

መሠረቱን በአንድ ትንፋሽ ልጨርሰው፦ 15 ለ15፣ ሞላላ ኳስ፣ 80 ደቂቃ፣ በእጅ ወደ ፊት ማቀበል ክልክል። አየርላንድ ውስጥ ሙያተኛው የሚጫወተው ከአራቱ ክፍለ ሀገራት (መንስተር፣ ሌንስተር፣ ኡልስተር፣ ኮናክት) ለአንዱ ነው፤ ብሔራዊ ቡድኑ ደግሞ የሰሜኑንም የደቡቡንም ልጅ ባንድ ማሊያ ያሰልፋል። ራግቢ በይፋ ደመወዝ የሚከፈልበት ሥራ የሆነው እ.ኤ.አ. በ1995 ነው (ከዚህ በታች ያሉት ቀኖችም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)።

ሄይስ በ1973 ተወልዶ ሊምሪክ ካውንቲ፣ ካፓሞር በተባለች መንደር ከከብት ጋር አደገ። ራግቢ የጀመረው በአሥራዎቹ ዕድሜ መጨረሻ ላይ፣ ብራፍ በሚባል የገጠር ክለብ ነው። ብየዳ ይሠራ ነበር። በ1990ዎቹ አጋማሽ ወደ ኒውዚላንዷ ኢንቨርካርጊል ሄዶ ሲጫወት ከሁለተኛው ረድፍ ወደ ፊተኛው፣ ፕሮፕ ወደሚባለው ቦታ፣ አዛወሩት። የቀረው ዕድሜው በዚህች አንዲት እርምጃ ተወሰነ።

እዚህ ላይ ቆም ልበል፤ ብዙ ሰው የሚስተው ይህንን ነውና። «ፕሮፕ ማለት የሚገፋ ወፍራም ሰው ነው» የሚል ሲያጋጥመኝ ያናድደኛል። በስክረም ስምንት ለስምንት ይጋጠማሉ። ከፊት ያሉት ሦስቱ (ዳርና ዳር የሚቆሙት ሁለቱ ፕሮፕ ይባላሉ) ትከሻ ለትከሻ ተቃቅፈው ያጎነብሳሉ፤ እያንዳንዱም ጭንቅላቱን ከፊቱ ካለው ባላጋራ በስተግራ ያስገባል። እንዲህ ሲሆን የግራው ፕሮፕ፣ 1 ቁጥር፣ አንድ ትከሻው ወደ ውጭ ነፃ ሆኖ ይቀራል። የቀኙ፣ 3 ቁጥር፣ ግን ጭንቅላቱ በሁለት ባላጋራዎች መካከል ይሰነቀራል። አንደኛው «ሉዝሄድ»፣ ሁለተኛው «ታይትሄድ» የተባሉት በዚሁ ነው፦ ራሱ የላላና ራሱ የተጣበቀ።

የሄይስ ቦታ ይህ ሁለተኛው ነው። ሁለት ሰው ከፊት ይጫነዋል፤ ከኋላው ደግሞ ከመቶ ኪሎ በላይ የሆነው የገዛ ጓደኛው ይገፋዋል። 3 ቁጥር ካልተበገረ ኳሷ በሰላም ትወጣለች። ከተጠማዘዘ ወይም ከወደቀ ግን ፊሽካ ይነፋል፣ ቅጣት ይሰጣል፣ 3 ነጥብ ሊሄድ ነው። በሄይስ ዘመን ደግሞ ሁለቱ ወገኖች ተራርቀው ቆመው፣ ዳኛው ሲፈቅድ ነበር እንደ አውራ በግ የሚላተሙት። አስቀድሞ ተያይዞ መግጠም የመጣው እሱ ካቆመ በኋላ፣ በ2013 ነው።

አንድ የመንደር ክለብ ሜዳ ዳር ቆሜ ጎረምሶች የስክረም መለማመጃውን ብረት ሲገፉ ሳይ «ና ሞክረው» አሉኝ። ትከሻዬን ስፖንጁ ላይ አደረግሁ። እኔ የፈራሁት ብረቱን ነበር፤ አከርካሪዬን ያጠፈው ግን ከኋላዬ የመጣው የልጆቹ ክብደት ነው። አንገቴን ለሳምንት ማዞር አቃተኝ። እነሱ ወዲያው ደግመው ገቡ።

ሄይስን አገሩ «ኮርማው» ይለዋል። እኔን ቢጠይቁኝ ኖሮ በሬ እል ነበር፤ ስድብ እንዳይመስልባችሁ። ኮርማ ይዋጋል፣ በሬ ይጠመዳል። ቀንበር ሥር አንዱ በሬ ከዘመመ ትልሙ ሁሉ እንደሚጣመም ያረሰ ያውቀዋል፤ 3 ቁጥርም እንደዚያው ነው። ኮርማነቱ የታየኝ በጥቅምት 2009 ነው፤ ክለቡ መንስተር ከሌንስተር ጋር ሲጫወት የወደቀ ተጫዋች ረግጦ በቀይ ካርድ ወጣ። ያን ቀን እኔም አልደገፍኩትም።

ቁመቱ 1 ሜትር ከ93 መሆኑ ሌላ ጥቅም ነበረው። ኳስ ከመስመር ውጭ ወጥታ ስትወረወር የቡድን ጓደኛውን ፖል ኦኮነልን የሚያክል ግዙፍ ሰው ጭኑን ይዞ ወደ ላይ ያነሳል፣ ክንዱን ሳያጥፍ ያቆየዋል፣ ቀስ አድርጎም ያወርደዋል። ጋዜጣ ላይ የሚወጣው የኦኮነል ፎቶ ነው፤ ሄይስ ከሥር በግማሽ ተቆርጦ ይታያል።

ለብሔራዊ ቡድን መጀመሪያ የተሰለፈው በየካቲት 2000፣ የመንስተር ጓደኞቹ ሮናን ኦጋራና ፒተር ስትሪንገርም በጀመሩበት ጨዋታ፣ ስኮትላንድ ላይ ነው። ከመንስተር ጋር የአውሮፓን ዋንጫ በ2006ና በ2008 አነሳ፤ በ2009 አየርላንድ ዌልስን ካርዲፍ ላይ 17 ለ15 አሸንፋ የዓመቱን የስድስቱ አገሮች ዋንጫ ጨዋታዎች በሙሉ ስትረታ 3 ቁጥር እሱ ነበር። በየካቲት 2010 ትዊክንሃም ላይ 100 ጊዜ ለአየርላንድ የተሰለፈ የመጀመሪያው ሰው ሆነ። ስመ ጥሩው ብራያን ኦድሪስኮል እዚያ ቁጥር የደረሰው ከእሱ ቀጥሎ ነው። ሲያበቃ ቁጥሩ 105 ነበር።

የደብሊኑን ክሮክ ፓርክ ሳላነሳ አላልፍም። በ1920 የብሪታንያ ኃይሎች በዚያ ሜዳ ተኩስ ከፍተው 14 ሰው ገድለዋል። በየካቲት 2007 የእንግሊዝ ራግቢ ቡድን እዚያው ገባ፣ መዝሙሩም በጸጥታ ተሰማ። የአየርላንዱ ሲዘመር ካሜራው የሄይስ ፊት ላይ ደረሰ፤ ያ ከ120 ኪሎ በላይ የሆነ ሰው እንባው ይወርድ ነበር። ከዚያ ሄዶ አጎነበሰ፤ 43 ለ13 አሸነፉ።

የመጨረሻ ጨዋታውን በታኅሣሥ 26 ቀን 2011 ሊምሪክ ውስጥ ቶመንድ ፓርክ ተጫውቶ ወደ ካፓሞር፣ ወደ ከብቶቹ ተመለሰ።

እንግዲህ ሻዩን ቀድማችሁ ቅዱ። ስክረም ሲመጣ ኳሷን ተዉና የ3 ቁጥሩን ጀርባ ከጎን እዩ፤ እንደ ገበታ ቀጥ ካለ ቡድኑ ደኅና ነው፣ ከጎበጠ ፊሽካው ሊነፋ ነው።