በገዛ ክንዱ ላይ ጭሰኛ ያልሆነው ቡጢኛ

ባለገንዘብ ገንዘቡን ለሌላ ሰው ሥራ የሚያውልበት መንገድ ከጥንት ጀምሮ ሁለት ነው፤ አንደኛው ዋናውን ከነወለዱ በቀጠሮው ቀን መልስልኝ ብሎ ማበደር ሲሆን፣ ሁለተኛው ከምታፈራው ሁሉ ይህን ያህሉ እጅ የእኔ ይሁን ብሎ መጋራት ነው። አበዳሪው ገንዘቡን ቆጥሮ ከተረከበ በኋላ ባለዕዳው ነጻ ይወጣል፤ ተጋሪው ግን ፍሬው እስካለ ድረስ ከአውድማው አይነሣም። ይህ ልዩነት በባንክ መዝገብ ላይ ሲነበብ ደረቅ ነገር ቢመስልም፣ ጥሪቱ መሬት ወይም ፋብሪካ ሳይሆን የአንድ ጎልማሳ ክንድ በሆነ ጊዜ የሰውን ሕይወት እስከ ፍጻሜው የሚወስን መሆኑን፣ የአሜሪካዊው ቡጢኛ የሹገር ሬይ ሌናርድ ታሪክ አጉልቶ ያሳየናል።

ሌናርድ በ1956 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በሰሜን ካሮላይና ተወልዶ በሜሪላንድ፣ ፓልመር ፓርክ በሚባል ሰፈር ያደገ፣ አባቱ በሱፐርማርኬት ሌሊት የሚሠራ፣ እናቱ በነርስነት የምታገለግል የድኻ ቤት ልጅ ነበር። በሰፈሩ የወጣቶች ማእከል ጓንት ካጠለቀ ጀምሮ በአማተርነቱ ዘመን 145 ጊዜ አሸንፎ 5 ጊዜ ብቻ ተረትቷል፤ በ1976ቱ የሞንትሪያል ኦሊምፒክ የኩባውን አንድሬስ አልዳማን አሸንፎ ወርቁን የወሰደው የወዳጁን ፎቶግራፍ ካልሲው ላይ አጣብቆ እየተጋጠመ ነው። ከዚያም ጓንቱን ሰቅሎ ዩኒቨርሲቲ ሊገባ ቆርጦ ነበር። ነገር ግን አባቱ በማጅራት ገትር ታሞ ሆስፒታል ተኛ፤ እናቱንም የልብ ሕመም ጣላት፤ ሜዳሊያውን ተከትሎ ይመጣል የተባለው የማስታወቂያ ገንዘብ ደግሞ፣ የልጅ ቀለብ ክስ በጋዜጣ ከወጣ ወዲህ፣ የውሃ ሽታ ሆኖ ቀረ። በ20 ዓመቱ የዓለም ሕዝብ የሚያውቀው፣ በኪሱ ግን ምንም የሌለው ሰው ሆነ።

በዚያ ዘመን አማተሩ ለክብር ይጋጠም ነበር እንጂ ዋጋ አይቀበልም ነበር፤ ስለዚህ በነዚያ ሁሉ ዓመታት ያከማቸው መክሊት በገበያ ተተምኖ አያውቅም። ወደ ፕሮፌሽናሉ መድረክ ለመውጣት ደግሞ የመጀመሪያው ክፍያ ከመድረሱ በፊት ለአሠልጣኙ፣ ለልምምዱ ቤት፣ ለምግቡና ለመንገዱ የሚወጣ ገንዘብ ያስፈልጋል። የቡጢ አስተዳዳሪ የሚባለው ሰው ብቅ የሚለው በዚህ ሰዓት ነው፤ ወጪውን እሸፍናለሁ ይልና ከገቢው ድርሻውን በውል ያስራል። በአገራችን የእርሻ ቋንቋ ብንናገረው፣ ልማዱ ሲሶ ነው፤ አንዳንዴም እኩል ይሆናል። በ1960 ከሮም ኦሊምፒክ ወርቅ ይዞ የተመለሰው ካሲየስ ክሌይ፣ በኋላ መሐመድ አሊ፣ ከ11 የሉዊቪል ከተማ ባለሀብቶች ጋር ሲዋዋል በፊርማው 10,000 ዶላር ተቀብሎ ገቢውን እኩል ሊካፈል ተስማማ። ሰዎቹ ወጪውን ከራሳቸው ድርሻ በመሸፈናቸውና ለኋላ ዘመኑ የሚጠበቅ ገንዘብ እንዲቀመጥለት በማድረጋቸው በጊዜው ደግ ውል ነበረ፤ የእኩል አራሽነት ውል መሆኑ ግን አልቀረም።

የሌናርድ ጠበቃ ማይክ ትሬይነር ይህን መንገድ ተወው። ከወዳጆቹና ከደንበኞቹ 24 ሰዎችን አሰባስቦ 21,000 ዶላር፣ እኩል ቢከፋፈሉት በነፍስ ወከፍ 875 ዶላር፣ በ8 በመቶ ወለድ በ4 ዓመት ውስጥ እንዲመለስ አስበደረው፤ በቡጢኛው ስም አንድ ኩባንያ አቋቁሞም ሌናርድን ፕሬዚዳንቱና ብቸኛ ባለአክሲዮኑ አደረገው። ጠበቃው ራሱ ለሠራበት ሰዓት ዋጋውን ተቀበለ እንጂ ከክንዱ ፍሬ ድርሻ አልጠየቀም። ይህን ሰው ሳላደንቅ አላልፍም፤ ሲሶውን ቢጠይቅ የሚከለክለው ልማድ አልነበረምና።

አበዳሪዎቹስ በዚህ ዋጋ እንዴት ፈቀዱ? የሰው አካል መያዣ ሆኖ አይመዘገብም፤ ባለዕዳው በመጀመሪያው ምሽት እጁ ቢሰበር ሐራጅ የሚባልበት ንብረት አልነበረም። እንዲህ ላለው ስጋት 8 በመቶ እጅግ ርካሽ ነው፤ ስለዚህ በብድሩ ውስጥ ወዳጅነትና በጎ ፈቃድ እንደነበሩበት መካድ አይገባም። ነገር ግን መያዣ ፈጽሞ አልነበረም ማለትም ስሕተት ነው። ሜዳሊያው ራሱ መያዣ ነበረ፤ በሞንትሪያል በቴሌቪዥን ያየው ሕዝብ የመጀመሪያውን ግጥሚያ ትኬት እንደሚገዛ ማንም ሊገምት ይችል ነበር። ለዓመታት ያለ ዋጋ የተከማቸው ዝና በዚህ ጊዜ ወደ ገንዘብ ተመነዘረ። ሜዳሊያ የሌለው የሰፈሩ ልጅ ግን፣ ክንዱ የቱንም ያህል ቢበረታ፣ እንዲህ ያለ አበዳሪ አያገኝም፤ ይህም ሁልጊዜ ያሳዝነኛል።

ፌብሩዋሪ 5 ቀን 1977 በባልቲሞር ከ10,000 በላይ ተመልካች በተገኘበት አዳራሽ ሌናርድ ሉዊስ ቬጋን በ6 ዙር በነጥብ አሸነፈ፤ ለዚያ ምሽት የደረሰው 40,000 ዶላር ያህል ነበረ። የ4 ዓመቱ ዕዳ በዚሁ በአንድ ምሽት ገቢ ተከፈለ።

የዚህ ነጻነት ትርጉም የታየው ጁን 20 ቀን 1980 በዚያው በሞንትሪያል፣ ሮቤርቶ ዱራን የተባለው ቡጢኛ ሌናርድን በነጥብ አሸንፎ የዓለም ሻምፒዮንነት ቀበቶውን በወሰደበት ሌሊት ነው። አሸናፊው 1.5 ሚሊዮን ዶላር ሲያገኝ ተሸናፊው ከ9 ሚሊዮን በላይ ወሰደ፤ ምክንያቱም ሌናርድ ከስታዲየሙ በርና ግጥሚያው በየከተማው አዳራሽ በስክሪን ከታየበት ትኬት ድርሻውን በውል አስቀድሞ ይዞ ነበር። ለሌሎች ወለድ ከፍሎ ትርፉን ለራስ ማስቀረት ማለት ይህ ነው።

ከሌናርድ በፊት የነበረውን የቡጢኛውን የጆ ሉዊስን መዝገብ ስናነብ ግን ልብ ይሰበራል። ከዲትሮይት የአማተር መድረክ ተነሥቶ ጁላይ 4 ቀን 1934 በቺካጎ በ59 ዶላር ፕሮፌሽናል የሆነው ይህ ሰው፣ ኢጣልያ አገራችንን ልትወር ጦሯን በምታከማችበት በ1935 ጁን ግዙፉን ኢጣልያዊ ፕሪሞ ካርኔራን በኒው ዮርክ በጣለ ጊዜ፣ የብዙ ጥቁር አሜሪካውያን ሐሳብ ከኢትዮጵያ ጋር ነበረ። በዘመኑ ሁሉ ክንዱ ካስገባው ከ4.6 ሚሊዮን ዶላር በላይ ለእርሱ የደረሰው 800,000 ያህል ብቻ እንደሆነ ይነገራል። በ1942 የሁለት ግጥሚያ ገቢውን ለባሕር ኃይሉና ለጦሩ መረዳጃ ሰጥቶ ሳለ፣ ግብር ሰብሳቢው የሰጠውን ገንዘብ እንደ ገቢ ቆጥሮ ጠየቀው፤ ዕዳውም ወለድ እየወለደ እስከ እርጅናው ተከተለው። በመጨረሻም በላስ ቬጋስ ሲዛርስ ፓላስ በተባለው ሆቴል እንግዳ እየተቀበለ እጅ የሚጨብጥ ሠራተኛ ሆኖ ኖረ፤ ኤፕሪል 12 ቀን 1981 ዐረፈ።

ሌናርድ የመጀመሪያውን የዓለም ሻምፒዮንነት በ1979 ከዊልፍሬድ ቤኒቴዝ የወሰደው በዚያው ሆቴል ነው። ሉዊስ ካረፈ ከ5 ወር በኋላም፣ ሴፕቴምበር 16 ቀን 1981፣ በዚያው ግቢ ቶማስ ሄርንስን በ14ኛው ዙር አሸንፎ ከ10 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተቀበለ። ከዚህ ሁሉ ገንዘብ ለ24ቱ አበዳሪዎች የሚገባቸው አንድ ሳንቲም አልነበረም፤ የእነርሱ ሒሳብ ከአራት ዓመት ተኩል በፊት በባልቲሞር ተዘግቶ ነበር።