ዋጋው ሲወፍር ሽቦው ይቀጥናል
ከመርካቶ እስከ ወልቂጤና ቡታጅራ፦ የሚስማርና የሽቦ ገበያ ቅኝት

ከአዲስ አበባ ወደ ጅማ በሚወስደው መንገድ ወልቂጤ ላይ ቆም ብሎ የጭነት መኪናዎችን ለሚመለከት ሰው ንግዱ በሁለት አቅጣጫ ሲጓዝ ይታየዋል። ወደ አዲስ አበባ ከሚወጡት መኪናዎች ብዙዎቹ የባሕር ዛፍ አጣና ጭነዋል። ከአዲስ አበባ የሚመጡት ደግሞ ሲሚንቶ፣ ቆርቆሮ፣ ሚስማርና ጥቁር ሽቦ ይዘዋል። አጣናው ከቸሃና ከአጎራባች ወረዳዎች ገበሬ ጓሮ ተቆርጦ በመዲናይቱ ፎቆች ላይ መወጣጫ ይሆናል። ሚስማሩና ሽቦው ደግሞ በእምድብርና በዙሪያዋ ባሉ መንደሮች የቤት ማገር ያያይዛል፣ አጥር ያጥራል።

በዚህ ልውውጥ ውስጥ አጣናው የብር ዕቃ ነው። ሚስማሩ ግን የዶላር ዕቃ ነው። የዚህ ጽሑፍ ጉዳይም ከዚህ ልዩነት ይነሳል። የብር የመግዛት አቅም ሲወርድ ጭማሪው ወደ ሸማቹ የሚደርስበት በር ሁለት ነው። አንደኛው የዋጋ ዝርዝሩ ሲሆን እሱን ሁሉም ያየዋል፣ ተቆጣጣሪም ይጠይቅበታል። ሁለተኛው የሽቦው ውፍረት ነው። ይህንን የሚለካው ሰው ጥቂት ነው።

ከቃጫ ወደ ጥቁር ሽቦ

የጉራጌ ጎጆ በቀደመው አሠራር ያለ ሚስማር ይቆም እንደነበር ሽማግሌዎች ያወሳሉ። ምሰሶው፣ ወጋግራውና ማገሩ የሚያያዙት በልጥና በቃጫ ነበር። ቃጫ ከእንሰት ቆጮ ሲፋቅ የሚገኝ ጭረት በመሆኑ ማሰሪያው ከምግቡ ጋር አብሮ ከጓሮ ይወጣ ነበር ማለት ነው። ለማሰሪያ ተብሎ ከኪስ የሚወጣ ገንዘብ አልነበረም።

የቆርቆሮ ጣሪያና የብሎኬት ግድግዳ ሲስፋፋ ነገሩ ተለወጠ። ቆርቆሮ በቃጫ አይታሰርም። ፌሮም እንዲሁ። የኮንክሪት ዓምድ ሊሞላ ሲል ፌሮዎቹን እርስ በርስ የሚያይዛቸው በእሳት የለሰለሰው ጥቁር ሽቦ ነው። ይህ ሽቦ በአንድ ቤት ጠቅላላ ወጪ ውስጥ ያለው ድርሻ እጅግ አነስተኛ ነው። ሆኖም የጠፋ ዕለት ሲሚንቶውም ፌሮውም የቀን ሠራተኛውም ቆሞ ይጠብቀዋል።

የፍላጎቱ ወቅትም የታወቀ ነው። ለመስቀል አገር ቤት የሚገባው የመርካቶ ነጋዴ የወላጆቹን ቤት ጣሪያ ያያል፣ አጥሩን ይዞራል፣ ከወንድሞቹ ጋር ይመክራል። ክረምቱ ወጥቶ መሬቱ ሲደርቅ ግንባታው ይጀመራል። በመሆኑም የወልቂጤና የቡታጅራ ሕንፃ መሣሪያ ሱቆች ከመስቀል በፊት መደርደሪያቸውን መሙላት ይኖርባቸዋል። በጉብሬ የወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ መከፈቱ፣ ቡታጅራም የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ መሆኗ በዚህ የመንደር ፍላጎት ላይ የከተማውን ግንባታ ጨምሮበታል።

ሽቦ እንዴት ይሠራል?

ለሽቦና ለሚስማር መነሻው ዋየር ሮድ የሚባለው በጥቅል የሚመጣ ክብ ብረት ነው። ውፍረቱ አብዛኛውን ጊዜ 5.5 ወይም 6.5 ሚሊ ሜትር ነው። ፋብሪካው ዝገቱን ካራገፈ በኋላ እየጠበቡ በሚሄዱ ቀዳዳዎች ውስጥ ሳይሞቅ ይስበዋል። በየቀዳዳው ሲያልፍ ይቀጥናል፣ ይረዝማል፣ ይጠነክራል። የተሳበው ሽቦ በመኪና ተቆርጦ ሾልና ራስ ሲወጣለት ሚስማር ይሆናል። በምድጃ ገብቶ ሲለሰልስ ጥቁር ማሰሪያ ሽቦ ይሆናል። 450 ዲግሪ ገደማ በሆነ የቀለጠ ዚንክ ውስጥ ሲነከር ደግሞ የአጥር፣ የዶሮ ሽቦና የጋቢዮን ጥሬ ዕቃ ይወጣዋል።

በአገራችን ሽቦ የሚስቡና ሚስማር የሚቆርጡ ፋብሪካዎች አሉ። ቆራሌው ከየሰፈሩ የሚሰበስበውን ቁርጥራጭ ብረት አቅልጠው ፌሮ የሚያወጡም አሉ። በወለጋ ቢቂላል የብረት ማዕድን መኖሩ በጥናት ቢረጋገጥም ከማዕድን ተነስቶ ዋየር ሮድ እስከማውጣት የዘለቀ ኢንዱስትሪ ግን አልተገነባም። ስለዚህ «የአገር ውስጥ ሚስማር» የምንለውም ቢሆን ጥሬ ዕቃው በአብዛኛው በጅቡቲ በኩል የገባ ነው። ፋብሪካው አቃቂም ይሁን ቢሾፍቱ፣ ዋጋው የሚጀምረው ከባንክ መስኮት ነው።

ዓለም ላይ ረክሶ እኛ ጋ ለምን ተወደደ?

የዓለም ብረት ገበያን የሚከታተል ሰው እዚህ ላይ ግር ሊለው ይችላል። ከዓለም ብረት ከግማሽ በላይ የምታመርተው ቻይና የቤት ግንባታዋ ስለቀዘቀዘ በ2024 እ.ኤ.አ. ከ110 ሚሊዮን ቶን በላይ ብረት ወደ ውጭ ልካለች። ይህን ያህል አቅርቦት በዓለም ገበያ ዋጋን ወደ ታች የሚጫን ነው። በየካቲት 2014 ዓ.ም. የዩክሬን ጦርነት ሲጀመር የታየው የብረት ዋጋ ንረትም በዚህ ወቅት ረግቦ ነበር።

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ግን የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ የውጭ ምንዛሪ ዋጋ በገበያ እንዲወሰን አደረገ። በዋዜማው 57 ብር ገደማ የነበረው የአንድ ዶላር የባንክ ዋጋ በመጀመሪያው ቀን ከ70 ብር አለፈ። ከአንድ ዓመት በኋላ ደግሞ ከ130 ብር በላይ ሆነ። ለስሌት እንዲመቸን አንድ ቶን ዋየር ሮድ 600 ዶላር ነው እንበል። በ57 ብር ሒሳብ 34,200 ብር ይሆናል። በ130 ብር ሒሳብ ግን 78,000 ብር ነው። በውጭ አገር አንድ ሣንቲም ሳይጨመር እዚህ ከእጥፍ በላይ ሆነ ማለት ነው። ቀረጥ፣ 15 በመቶው ተጨማሪ እሴት ታክስና ትራንስፖርቱ ከዚህ በኋላ የሚመጡ ናቸው።

እዚህ ላይ አንድ ማስተካከያ ያስፈልጋል። ከለውጡ በፊትም ቢሆን ሁሉም አስመጪ በ57 ብር ዶላር አላገኘም። በትይዩ ገበያ ዶላሩ የባንኩን ዋጋ እጥፍ ያህል ይሸጥ ስለነበር የብዙ ዕቃዎች ዋጋ አስቀድሞ ይህንኑ ተከትሎ ወጥቷል። ስለሆነም የመደርደሪያ ዋጋ በአንድ ጀምበር እጥፍ አልሆነም። ይበልጥ የተለወጠው የአሠራሩ ሥርዓት ነው። ቀድሞ ትልቁ ችግር ወረፋ ነበር። ከዚያ ወዲህ ትልቁ ችግር ብር ማግኘት ሆነ። ያውም የባንኮች የብድር ዕድገት በነሐሴ 2015 ዓ.ም. በ14 በመቶ ተገድቦ፣ በ2017 ዓ.ም. ወደ 18 በመቶ ከፍ ባለበት ጊዜ ነው።

ነጋዴው እንዲህ ያለ ነገር ሲገጥመው የመጀመሪያው አይደለም። በ1985 ዓ.ም. መጀመሪያ ዶላር ከ2.07 ብር ወደ 5 ብር ወጥቷል። በጥቅምት 2010 ዓ.ም. ብር በ15 በመቶ እንዲቀንስ ተደርጓል። «ሚስማር አይበሰብስም» ብሎ ገንዘቡን በካርቶን ሚስማር የማስቀመጥ ልማድ ከዚህ ዓይነት ልምድ የተወለደ ነው።

ትርፍ የመሰለው ካፒታል

የአነስተኛ ከተማ ነጋዴ ጉዳት በምሳሌ ቢታይ ይሻላል። አንድ የእምድብር ባለሱቅ የ200,000 ብር ሚስማርና ሽቦ ከመርካቶ አመጣ እንበል። በ10 በመቶ ትርፍ 220,000 ብር ሸጠው። ተመልሶ መርካቶ ሲሄድ ያው ዕቃ 260,000 ብር ሆኖ ጠበቀው። በእጁ ባለው ገንዘብ የሚያገኘው ከቀድሞው ዕቃ 85 በመቶ ያህሉን ብቻ ነው። በመዝገቡ ላይ ግን 20,000 ብር ትርፍ ሰፍሯል፣ ግብርም ይታሰብበታል። መደርደሪያው እየሳሳ «አተረፈ» ይባላል።

ዕቁቡም ከዚህ አያመልጥም። ዕጣው 1 ሚሊዮን ብር የሆነ ዕቁብ ዶላር 57 ብር ሳለ ለወሰደው ሰው 17,500 ዶላር ገደማ ነበር። 130 ብር ሲሆን ለደረሰው ግን 7,700 ዶላር ገደማ ነው። ሁለቱም እኩል ጥለዋል፣ እኩል ግን አልበሉም።

ባለሱቁ ይህን ሲያስብ ዋጋውን በሚተካበት ልክ ከፍ ማድረግ ይፈልጋል። በዚህ ጊዜ ከተቆጣጣሪ ጋር ይፋጠጣል። በ2006 ዓ.ም. የወጣው የንግድ ውድድርና ሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813 ነጋዴ ዋጋውን እንዲለጥፍ ደንግጓል። ከምንዛሪው ለውጥ በኋላም በነሐሴ 2016 ዓ.ም. የንግድ ቢሮዎች ያለአግባብ ዋጋ ጨምረዋል ባሏቸው ነጋዴዎች ላይ ሱቅ እስከማሸግ የደረሰ እርምጃ ወስደዋል። ሸማቹን ከመዘረፍ መጠበቅ ተገቢ ነው። ነገር ግን አንዱ በር ብቻ ሲዘጋ ጭማሪው ወደ ሌላው በር መዞሩ አይቀርም።

ኪሎ አይዋሽም፣ ጥቅል ይዋሻል

ሁለተኛው በር ውፍረት ነው። የቆርቆሮ ነጋዴ ይህን ጨዋታ ከማንም በላይ ያውቀዋል። የጌጁ ቁጥር ከ28 ወደ 32፣ ከዚያም ወደ 35 በወጣ ቁጥር ቆርቆሮው ይሳሳል። ከሩቅ ሲያዩት ግን ሁሉም ያበራል። በሽቦም ያው ነው።

የእሾህ ሽቦ የሚሸጠው በጥቅል ነው። ባለ 2.5 ሚሊ ሜትር መሆን የነበረበት ሽቦ 2.2 ሆኖ ቢሳብ ልዩነቱን ዓይን አይለየውም። ብረቱ ግን በ23 በመቶ ገደማ ቀንሷል። 2.0 ሆኖ ከተሳበ 36 በመቶው ጎድሏል። የሽቦ ክብደት የሚከተለው ውፍረቱን በራሱ ተባዝቶ ነውና ትንሽ መቅጠን ትልቅ ጉድለት ያመጣል። ጥቅሉ በድሮው ዋጋ ቢሸጥ እንኳ ገዢው ለእያንዳንዱ ኪሎ ብረት በመጀመሪያው 29 በመቶ፣ በሁለተኛው 56 በመቶ ጨምሮ ከፍሏል። የተለጠፈው ዋጋ ግን አልተነካም።

ጥቁር ሽቦና ሚስማር በኪሎ ስለሚሸጡ በዚህ መንገድ አያጎድሉም። እንዲያውም ቀጭን ሽቦ በኪሎ ብዙ ሜትር ይሰጣል። ባለ 1.5 ሚሊ ሜትር ሽቦ በኪሎ 72 ሜትር ገደማ ሲሆን ባለ 1.4 ደግሞ 83 ሜትር ገደማ ነው። እዚህ ላይ የሚጎዳው ጥንካሬው ነው። የቀጠነ ማሰሪያ በፒንሳ ሲጠመዘዝ ይበጠሳል፣ የቀጠነ ሚስማር ደረቅ ባሕር ዛፍ ላይ ይጎብጣል። የዳነው ብር በብክነትና በሠራተኛ ሰዓት ይመለሳል።

የዚንኩም ነገር አለ። ቅቡ የሳሳ የአጥር ሽቦ በሱቅ ውስጥ ከደህናው አይለይም። የሚለየው ጥቂት ክረምት ሲያልፍበት ነው። ያን ጊዜ ገዢው ቅሬታውን ይዞ የሚመጣው ፋብሪካው ወይም አስመጪው ጋ አይደለም። የሚመጣው በስሙ ወደሚያውቀው፣ የአገሩ ልጅ ወደሆነው የእምድብር ባለሱቅ ነው።

ምን ይደረግ?

የፌሮ ነጋዴዎች አንድ የቆየ ስሌት አላቸው። ውፍረቱን በሚሊ ሜትር በራሱ አባዝቶ ለ162 ማካፈል የአንድ ሜትር ክብደት በኪሎ ይሰጣል። ይኸው ስሌት ለሽቦም ይሠራል። ባለ 2.5 ሽቦ በዚህ ሒሳብ በሜትር 38.6 ግራም ይመዝናል። ስለዚህ ነጋዴው ከመርካቶ ጥቅል ሲረከብ ሚዛን ላይ ማውጣት፣ በካሊፐር ሁለት ሦስት ቦታ መለካት፣ በደረሰኙም ላይ ከጥቅሉ ቁጥር ጎን ኪሎውንና ውፍረቱን ማስጻፍ ይችላል። ደላላውም «ጥቅሉ ስንት?» ተብሎ ሲጠየቅ «ባለ ስንቱ?» ብሎ ቢመልስ ገበያው በትንሹ ይጠራል። ተቆጣጣሪውም የዋጋ ዝርዝር ሊያይ ሲወጣ ካሊፐር ይዞ ቢወጣ ሁለቱንም በር በአንድ ጊዜ ያያል።

ገበያውን ከከተማ ለሚከታተል ባለሀብት ደግሞ አንድ ቀላል መለኪያ እንጠቁማለን። በወልቂጤ ወይም በቡታጅራ የገበያ ቀን አንድ ኪሎ ሚስማር ለመግዛት ስንት አጣና መሸጥ እንደሚያስፈልግ ይመዝግብ። ቁጥሩ እየጨመረ ከሄደ የገጠሩ ገዢ አቅም እየደከመ ነው፣ ከመስቀል በኋላ የሚጠበቀው ግንባታም ይቀንሳል። ቁጥሩ ከወረደ ግን መደርደሪያ መሙላት ያዋጣል።

ድር ቢያብር አንበሳ ያስራል ይባላል። ድሩ ራሱ ከሳሳ ግን ማበሩ ብቻውን አይበቃም። ከቸሃ ጓሮ አጣና ሸጦ የአጥር ሽቦ የሚገዛ ገበሬ ቃጫውን ትቶ የመጣው ሽቦ ይበረታል ተብሎ ነው። ያንን እምነት ጠብቆ የሚሸጥለት ነጋዴ የዘንድሮን ትርፍ ትንሽ ቢቀንስም ደንበኛውን ለከርሞ ያቆያል።